ጊዜን የሚገዙ ማኅተሞች፦ ለምናባዊ ዓለም የምልክት ሥርዓት አሠራር

ይህ መመሪያ የተዘጋጀው ምናባዊ ልቦለድ ለሚጽፉ፣ እንዲሁም ለጨዋታ ወይም ለሥዕላዊ ታሪክ የራሳቸውን ዓለም ለሚፈጥሩ ሰዎች ነው። የሚያሳየውም ጊዜን የሚያቆም፣ የሚያዘገም፣ የሚያፈጥን ወይም የሚመልስ አስማታዊ ምልክት እንዴት እንደሚነደፍ ነው፤ ምልክቱ ገጹን ለማስጌጥ የተቀመጠ ሥዕል ብቻ ሳይሆን አንባቢ ሊያነበውና ውጤቱን አስቀድሞ ሊገምተው የሚችል ጽሕፈት መሆን አለበት።

የመጀመሪያ ረቂቄን ስጽፍ አርባ የሚያህሉ ምልክቶች ነድፌ ነበር። እያንዳንዱ ለብቻው ያምር ነበር፤ አንዱ ከሌላው ጋር ግን ምንም ዝምድና አልነበረውም፤ ታሪኩ በተቸገረ ቁጥር አዲስ ምልክት እየፈጠርኩ አልፍ ነበር። ረቂቁን ያነበበችልኝ ጓደኛዬ ዘጠነኛው ምዕራፍ ላይ ስትደርስ ደብተሩን አጥፋ «ይህች ሴት ጊዜን መመለስ ከቻለች፣ ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ልጇ ሲሞት ለምን ዝም ብላ አየች?» ብላ ጠየቀችኝ። መልስ አልነበረኝም። አርባውንም ትቼ እንደገና ስጀምር የተከተልኩት መንገድ ከዚህ በታች የሚገኘው ነው፤ የሚበዛውን ያገኘሁትም ከሩቅ አገር ሳይሆን ከፊደላችንና ባሕረ ሐሳብ ከሚባለው የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት ነው።

መነሻ

ለሥራው ባለ አራት ማዕዘን መስመር ደብተር፣ እርሳስ፣ ቀይና ጥቁር ቀለም ይበቃሉ። ከዕቃው ይልቅ የሚጠቅመው አንድ ቃል በሚገባ መረዳት ነው። «አስማት» በግዕዝ «ስም» ለሚለው ቃል ብዙ ቁጥር ነው፤ ቃል በቃል «ስሞች» ማለት ነው። ስለዚህ በቋንቋችን ውስጥ አስማት የሚባለው ነገር በመሠረቱ መጥራት ነው፤ ኃይሉ ያለው ነገሩን በትክክለኛ ስሙ በመጥራት ላይ ነው። ጊዜን የሚገዛ ምልክትም እንዲሁ መታየት አለበት፤ ምን እንደሚደረግ፣ በምን ያህል ጊዜ ላይ እንደሚደረግና ማን እንደሚከፍል የሚጠራ ስም ነው። ከእነዚህ ከሦስቱ አንዱ ከጎደለው ምልክቱ ገና አላለቀም።

ምልክቱን ራሱን «ማኅተም» ብዬ እጠራዋለሁ። ቃሉን የመረጥኩት በሁለት ምክንያት ነው። አንደኛ፣ ማኅተም የሚዘጋና የሚያጸና ነገር ነው። ሁለተኛ፣ በባሕረ ሐሳብ «ማኅተም» የ76 ዓመት ዑደት መጠሪያ ነው፤ አራት ጊዜ 19 ማለት ነው። የምልክትም የዘመንም ስም የሆነ ቃል በቋንቋችን ውስጥ ተዘጋጅቶ ሲጠብቀን ሌላ መፍጠር አያስፈልግም።

አንደኛ፦ ጊዜ በዓለምዎ ውስጥ ያለውን መልክ ይወስኑ

በአማርኛ ጊዜን የምናስብባቸው ቢያንስ ሁለት መልኮች አሉ። በአዲስ ዓመት «እንኳን ከዘመነ ማርቆስ ወደ ዘመነ ሉቃስ በሰላም አሸጋገረዎ» ስንል ዘመን ወንዝ ነው፤ ሰው ከዳር ወደ ዳር ይሻገረዋል። «ዓውደ ዓመት» ስንል ደግሞ ዘመን ክብ ነው፤ ዓውድ ዞሮ የሚገጥም ዙሪያ ነው። ሁለቱን አያደባልቁ። ወንዝን ከመረጡ ማኅተሞችዎ ግድብ፣ ድልድይና ቦይ የሚመስሉ ይሆናሉ፤ ወንዝ ደግሞ ወደ ኋላ ስለማይፈስ ጊዜን መመለስ በዓለምዎ ውስጥ የማይቻል ወይም እጅግ የከበደ መሆን አለበት። ክብን ከመረጡ መመለስ የሚቻል ይሆናል፤ ነገር ግን ወደ ኋላ የሄደ ሰው ወደፊት ዞሮ ያንኑ ቦታ ማግኘቱ አይቀርም።

ለምሳሌ የምጠቀምበት የራሴ ረቂቅ «እልፍ ደጅ» በምትባል የገደል አፋፍ ከተማ ላይ የቆመ ነው፤ እዚያ ጊዜ ክብ ነው። ከዚህ በኋላ የምሰጣቸው ምሳሌዎች ሁሉ ከእልፍ ደጅ የተወሰዱ ናቸው።

ሁለተኛ፦ መለኪያዎቹን ይሰይሙ

ብዙ ጸሐፊዎች እዚህ ላይ ይቸኩላሉ። ገጸ ባሕርያቸው በብራናና በመቃ ብዕር እየጻፈ «ለአምስት ደቂቃ» ጊዜን ያቆማል፤ በዚያች ቃል ዓለሙ በሙሉ ይፈርሳል። የግድግዳ ሰዓት በሌለበት አገር ደቂቃን የሚያውቅ ማን ነው?

ባሕረ ሐሳብ ዕለትን በ60 ኬክሮስ ይከፍላል። አንድ ኬክሮስ እኛ በምናውቀው ሰዓት 24 ደቂቃ ነው። ኬክሮስ ደግሞ 60 ካልዒት ነው፤ ስለዚህ ካልዒት 24 ሰከንድ ይሆናል። ካልዒት በተራው በ60 ሣልሲት ሲከፈል አንዷ ሣልሲት ከግማሽ ሰከንድ ያነሰች፣ የዓይን ጥቅሻ ያህል ናት። ወደ ላይ ሲወጡ ዕለት፣ ወርኅ፣ ዓመት አለ፤ ከዓመት በላይ የፀሐይና የጨረቃ ቁጥር የሚገናኝበት የ19 ዓመት ዓውድ አለ፤ ከዚያ 76፣ ከዚያም 532 ዓመት፣ ዐቢይ ቀመር የሚባለው።

ከእነዚህ መካከል ሰባቱን መርጫለሁ፤ ሣልሲት፣ ካልዒት፣ ኬክሮስ፣ ዕለት፣ ወርኅ፣ ዓመት፣ ዓውድ። ሰባት ያልኩበት ምክንያት በአራተኛው ደረጃ ላይ ይገለጻል። እርስዎ የራስዎን መለኪያ መፍጠር ይችላሉ፤ ነገር ግን አንዱ ከሌላው ጋር ያለውን ብዜት በደብተርዎ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ጽፈው ያኑሩት፤ ታሪኩ በገፋ ቁጥር ወደዚያ ገጽ ደጋግመው ይመለሳሉና። ገጸ ባሕርያትዎ የቀኑን ሰዓት በምን እንደሚያውቁም ይወስኑ። በእልፍ ደጅ ሰው ፀሐይ ላይ ቆሞ ጥላውን በእግሩ ይለካል፤ የጥላው ርዝመት ስንት ጫማ እንደሆነ ቆጥሮ ሰዓቱን ይናገራል፤ ይህም በአገራችን የኖረ ልማድ ነው።

ሦስተኛ፦ ግሦቹን ይምረጡና አጽማቸውን ይንደፉ

ከአራት ግሥ በላይ አይያዙ። የእኔ አራቱ ማቆም፣ ማዝገም፣ ማፍጠንና መመለስ ናቸው። «መተንበይ»ን አልጨመርኩም፤ መተንበይ ጊዜን ማየት ነው እንጂ በጊዜ ላይ መሥራት አይደለም፤ ሁለቱን በአንድ ሥርዓት ውስጥ ያስገባ ጸሐፊ ሴራው ሲላላበት ያገኘዋል።

እያንዳንዱ ግሥ አንድ አጽም ይኖረዋል። ማቆም ከላይና ከታች በአግዳሚ የተዘጋ ቋሚ ምሰሶ ነው፤ የግዕዝ ቁጥሮች ከላይና ከታች የሚያርፉባቸውን ሰረዞች ያስታውሳል። ማዝገም እንደ ቀንድ አውጣ ቅርፊት ወደ ውስጥ የሚጠቀለል መስመር ነው። ማፍጠን ከአንድ ነጥብ ተነሥተው ወደ ቀኝ የሚበተኑ ሦስት ጨረሮች ነው። መመለስ ወደ ግራ የዞረ መንጠቆ ነው። አቅጣጫው በዘፈቀደ የመጣ አይደለም፤ እኛ ከግራ ወደ ቀኝ ስለምናነብ ዓይናችን ያለፈውን በግራ፣ የሚመጣውን በቀኝ ያየዋል። የዓለምዎ ሕዝብ ከቀኝ ወደ ግራ የሚጽፍ ከሆነ መንጠቆውም መዞር አለበት።

አጽሙን ሲነድፉ ከነባር ፊደል ጋር እንዳይመሳሰል ይፈትሹ። የመጀመሪያው የማቆም ምልክቴ ሁለት እግርና አንድ ጣሪያ ነበረው፤ ለሰው ሳሳየው ሁሉም «በ» ብሎ አነበበው።

አራተኛ፦ ሰባቱን እርከን ይስጡት

የፊደላችን ብልሃት ሁሉ እዚህ ላይ ነው። አማርኛ ሠላሳ ሦስት ፊደላትን በሰባት እርከን እያራባ 231 ምልክት ያገኛል፤ ተማሪው ግን 231 ነገር ለየብቻ አይሸመድድም። ግዕዝ፣ ካዕብ፣ ሣልስ፣ ራብዕ፣ ኃምስ፣ ሳድስ፣ ሳብዕ ብሎ የቅጥያውን ሥርዓት ከያዘ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ያየውን ፊደል እንኳ ማንበብ ይችላል። የምንፈልገውም ይህን ነው፤ አንባቢያችን አራት አጽምና ሰባት ቅጥያ ካወቀ 28 ማኅተም አወቀ ማለት ነው።

ስለዚህ እያንዳንዱን የጊዜ መለኪያ ለአንድ እርከን ይስጡ። በእልፍ ደጅ ምንም ቅጥያ የሌለው አጽም በሣልሲት ላይ ይሠራል። በቀኝ ወገቡ ላይ አጭር ሰረዝ ሲጨመርበት፣ ሉ እና ቡ ላይ እንደምናየው፣ ካልዒት ይሆናል። ሰረዙ ወደ እግር ሲወርድ፣ ሊ እና ቢ ላይ እንደሚወርደው፣ ኬክሮስ ነው። እግሩ ሲረዝም ዕለት፣ እግሩ ላይ ቀለበት ሲገባ ወርኅ፣ አጽሙ ከወገቡ ሲሰበር ዓመት፣ ቀለበቱ ራሱ ላይ ሲወጣ ዓውድ ይሆናል።

ሥርዓቱ ፍጹም እንዳይሆን ይጠንቀቁ። በፊደላችን ውስጥ ሳድሱ አመል የለውም፤ ል፣ ብ፣ ስ፣ ም እያንዳንዳቸው በየራሳቸው መንገድ ይለወጣሉ፤ ፊደሉ በብዙ እጅ ተጽፎ የኖረ መሆኑን የሚነግረን አንዱ ነገር ይህ ነው። የእኔም ሣልስ በማቆም አጽም ላይ አስቸግሮኛል። የታችኛው አግዳሚ አስቀድሞ ወደ ቀኝ ስለሚዘረጋ የእግር ሰረዙ ከእሱ ጋር ተዋሕዶ ጠፋብኝ፤ ሦስት ማታ ከሞከርኩ በኋላ ሰረዙን ከአግዳሚው ቀኝ ጫፍ ወደ ታች የሚንጠለጠል አደረግሁት። አሁን የማቆም ሣልስ ከሌሎቹ ሣልሶች ይለያል፤ በታሪኩ ውስጥም ልጆች ሲማሩ የሚሳሳቱበት እሱ ነው። ከቅርጹ ጠባይ የመጣ አፈንጋጭ ዓለሙን ያረጀና የኖረ ያስመስለዋል፤ ለጌጥ ብለው ያመጡት ግን ወዲያው ይታወቃል።

አምስተኛ፦ መጠኑን በቁጥር ያስሩ

ከማኅተሙ በታች ስንት ካልዒት፣ ስንት ኬክሮስ እንደሆነ የሚናገር ቁጥር ይጻፋል። የግዕዝን ቁጥሮች ከተጠቀሙ ፪ ያለበት የማቆም ሣልስ «ሁለት ኬክሮስ አቁም» ተብሎ ይነበባል፤ 48 ደቂቃ ማለት ነው።

የግዕዝ ቁጥር ከ፩ ይጀምራል፤ ለባዶ ምልክት የለውም። ይህን በጥንቃቄ ይያዙት፤ ለሴራ ትልቅ ሀብት ነውና። ባዶ መጻፍ በማይቻልበት አገር ማንም ሰው ጊዜን ወደ ምንም ማምጣት አይችልም፤ የሆነውን ነገር እንዳልሆነ የሚያደርግ ማኅተም ሊጻፍ አይችልም። የመመለስ ማኅተም ሰውየውን ወደ ኋላ ይወስደዋል እንጂ ያየውን ከልቡ አያወጣለትም።

ስድስተኛ፦ ዋጋውን ያስሉ

የጓደኛዬ ጥያቄ የሚመለሰው እዚህ ላይ ነው። ዋጋ የሌለው ማኅተም ታሪክ ይገድላል፤ «ደከመው» ተብሎ የሚታለፍ ዋጋም ከዚያ አይሻልም። ዋጋው አንባቢ በጣቱ ሊቆጥረው የሚችል መሆን አለበት።

የመጀመሪያው ሕግ ይህ ነው፦ ማኅተሙ የሚሠራበት ጊዜ በአንድ እርከን፣ የሚከፈለው ጊዜ በቀጣዩ እርከን ይቆጠራል። ሁለት ካልዒት ያቆመ ሁለት ኬክሮስ ይከፍላል። ሁለት ኬክሮስ ያቆመ ሁለት ዕለት ይከፍላል። አንድ ዕለት ያቆመ አንድ ወር፣ አንድ ወር ያቆመ አንድ ዓመት፣ አንድ ዓመት ያቆመ 19 ዓመት። ሳብዑ ግን በላዩ እርከን የለውም። ዓውድን ያቆመ ምን እንደሚከፍል በእልፍ ደጅ የሚያውቅ የለም፤ እኔ 76ንና 532ን ለመጨረሻው መጽሐፍ አስቀምጬአቸዋለሁ። እርስዎም እንዲህ ያለ አንድ በር ክፍት ይተው፤ ከአንድ በላይ ግን አይተው።

ክፍያው በአካል ነው። ሁለት ዕለት የሚከፍል ሰው የሁለት ዕለት ረኃብ፣ ጥም፣ እንቅልፍ ማጣትና ድካም በአንድ ቅጽበት ይወርድበታል። እንግዲህ አንድ ወር መክፈል ሞት ነው፤ ያለ ውኃ ሠላሳ ቀን የሚቆይ ሰው የለምና። እልፍ ደጆች ግን መላ አላቸው፤ ደቦ ይወጣሉ። ሠላሳ ሰው ክብ ሠርቶ ይቆምና ወሩ በሠላሳ ዕለት ተከፍሎ ለየሰው አንዳንድ ቀን ይደርሰዋል። አጨዳውን በደቦ የሚያጭድ ሕዝብ ጊዜንም በደቦ ይከፍላል። ይህ ሕግ ከገባ በኋላ ታሪኩ ራሱን መጻፍ ጀመረ፤ ማን ለደቦው ተጠራ፣ ማን ቀረ፣ የማን ቤት ለሌላው ሠላሳ ጊዜ ቆሞ ለራሱ ሲጣራ የሚመጣለት አጣ የሚሉት ጥያቄዎች ሁሉ ከዚያ ወጡ።

ሁለተኛው ሕግ ከባሕረ ሐሳብ የተወሰደ ነው። ስሌቱን በ2018 ዓ.ም. ላይ እንየው። 5500 ሲጨመርበት ዓመተ ዓለሙ 7518 ይሆናል። ለ4 ሲካፈል 2 ይተርፋል፤ ዘመኑ ማርቆስ ነው። ለ19 ሲካፈል ደግሞ 13 ይተርፋል፤ ከ13ቱ ግን አንዱ ለዘመን ይተውና ወንበር የሚባለው ቁጥር 12 ይሆናል። የሚተወው በመሮጥ ላይ ያለው ዓመት ገና ስላልተፈጸመ ነው። ይህን ስሌት ገና ተማሪ ሳለሁ ስሠራው «አንዱን ለዘመን» የምትለው እርምጃ ከሁሉ ይልቅ ልቤን ትነካው ነበር፤ ሰው ያልፈጸመውን ነገር እንደ ራሱ አድርጎ አይቆጥርም ማለት ነውና።

በእልፍ ደጅም ከማንኛውም ክፍያ አንድ ዕለት ለዘመን ይተዋል፤ ማንም አይከፍለውም፤ ዘመን ራሱ በፈለገው ቀን መጥቶ ይወስደዋል። ሁለት ዕለት የሚከፍል ሰው አሁን አንዱን ይከፍላል፣ አንዱ ዕዳ ሆኖ ይቀራል። ለወር ደቦ የቆሙት ሠላሳ ሰዎች ሃያ ዘጠኙ ወዲያው ይወድቃሉ፤ አንዱ ቆሞ ይቀራል፤ ዕድለኛ የሚመስለው ግን ዕዳውን የተሸከመው እሱ ነው። አንድ ኬክሮስ ብቻ ያቆመ ሰው ክፍያው አንድ ዕለት ስለሆነና እሱም ለዘመን ስለሚተው፣ ምንም ያልከፈለ ይመስለዋል። ጀማሪዎች ሁሉ የሚጠፉት በ፩ ነው።

ከዕለት በታች የሆነው ክፍያም ከንቱ አይቀርም፤ ይጠራቀማል። ዓመቱ 365 ዕለት ከ15 ኬክሮስ ነው፤ 15ቱ በአራት ዓመት 60 ሲሞላ ጳጉሜን ስድስተኛ ቀን ታገኛለች። በተመሳሳይ መንገድ ጥቂት ጥቂት ካልዒት እያቆመ የኖረ ባለማኅተም 60 ኬክሮስ ሲሞላበት አንድ ሙሉ ዕለት ይወርድበታል፤ ብዙውን ጊዜ በማይመች ሰዓት።

ሰባተኛ፦ አጻጻፉን ይወስኑ

ማኅተሙ በምን ላይ፣ በምን፣ በስንት ጊዜ ይጻፋል? በአየር ላይ በጣት የሚጻፍ ማኅተም ቀላል ነው፤ ቀላል በመሆኑም ታሪኩን ክብደት ያሳጣዋል። ብራና ግን ይከብዳል፤ የፍየል ወይም የበግ ቆዳ ይወጠራል፣ ይፋቃል፣ ይደርቃል፤ ጸሐፊው በወስፌ ጫፍ ቀለም የሌለው መስመር ያሰምርበታል፤ ከዚያ በኋላ ነው ጥቁሩ ቀለም ለጽሑፉ፣ ቀዩ ለከበረው ስም የሚገባው። ይህን ቅደም ተከተል ወደ ሕግ መለወጥ ይቻላል። በእልፍ ደጅ በወስፌ ብቻ የተሰመረ ማኅተም ያንቀላፋል፤ አጽሙና እርከኑ በጥቁር ሲጻፍ ይነቃል፤ ቁጥሩ በቀይ ሲገባ ይሠራል። ብልህ ሰው ቁጥሩ የጎደለ ማኅተም ጽፎ፣ ጠቅልሎ፣ በአንገቱ ይይዛል።

ማፍረሱም እንደዚሁ ከእጅ ሥራው ይምጣ። በብራና ላይ የተሳሳተ ጽሑፍ በካራ ይፋቃል፤ ነገር ግን ወደ ብርሃን ሲያነሡት የፊተኛው ጽሑፍ ጥላ ይታያል። የተፋቀ ማኅተምም ጥላው ይቀራል።

አንድ ማሳሰቢያ ልጨምር። በአገራችን ክታብ እስከ ዛሬ በአንገታቸው የሚይዙ ሰዎች አሉ፤ በላዩ ላይ ያሉት ጸሎቶችና ስሞች ለእነሱ ልቦለድ አይደሉም። ከክታብ አሠራሩን ይማሩ፤ የቆዳውን ርዝመት፣ የቀይና የጥቁሩን ድርሻ፣ ጠልሰም ከሚባለው የክታብ ሥዕል መሐል ቀጥ ብለው የሚያዩትን ዓይኖች ያጥኑ። ጸሎቱንና ስሙን ግን አይቅዱ። እንደ እስክንድር ቦጎሲያን ያሉ ሠዓሊዎች ከክታብ ሥዕል ብዙ ተምረው የራሳቸውን ዓለም ሠርተዋል፤ መንገዱ ይቻላል ማለት ነው።

ስምንተኛ፦ አንድ ማኅተም ከነትዕይንቱ ይሥሩ

ሥርዓቱ የሚፈተነው በሥራ ላይ ነው። የእኔን ልንገርዎ።

በእልፍ ደጅ ደረጃ ላይ አንዲት አሮጊት ሸክላ ሠሪ ጭቃ እያሸች ተቀምጣለች። የልጅ ልጇ ከበላይዋ ካለው እርከን ላይ አድጦት ይወድቃል። በአንገቷ የማቆም ሣልስ አለ፤ በጥቁር የተጻፈ፣ ቁጥሩ የጎደለ። ቀይ ቀለም የላትም፤ ጣቶቿ ግን በቀይ አፈር ተለውሰዋል። በአመልካች ጣቷ ፪ ትጽፋለች። ልጁ በአየር ላይ፣ አንድ እግሩ እንደታጠፈ፣ ነጠላው ከትከሻው ላይ እንደተነሣ ይቆማል።

እዚህ ላይ አንድ ተጨማሪ ሕግ ያስፈልጋል፤ የቆመ ነገር አይነካም። ይህ ሕግ ባይኖር ልጁን አንሥታ ትሄድ ነበር፤ ትዕይንቱም በአንድ ዐረፍተ ነገር ያልቅ ነበር። አሁን ግን 48 ደቂቃ አላት፤ ከአውድማው ገለባ ተሸክማ ከበታቹ መከመር አለባት። ሰባት ጊዜ ትመላለሳለች። በስምንተኛው ሸክም መንገድ ላይ ሳለች የነጠላው ጫፍ ሲርገበገብ ታያለች። ልጁ ገለባው ላይ ይወድቃል፣ ያለቅሳል፣ ደኅና ነው። እሷ ግን ተንበርክካለች፤ ከንፈሯ በአንድ ቅጽበት ተሰነጣጥቋል፤ ከጠዋት ጀምሮ የበላችው ሁሉ እንዳልነበረ ሆኗል። ክፍያው ሁለት ዕለት ነው፤ አንዱ ወረደ። ሁለተኛው ከሦስት ምዕራፍ በኋላ፣ የልጁ እናት በምትዳርበት ቀን፣ አሮጊቷ ጠላ ልትቀዳ ጎንበስ ስትል ይመጣል።

ትዕይንቱን ከጻፉ በኋላ ተመልሰው ቁጥሩን ይለውጡና ይሞክሩት። ፩ ብትጽፍ 24 ደቂቃ ብቻ ይኖራት ነበር፤ ገለባው አይበቃም። ፲ ብትጽፍ ጊዜ ይተርፋት ነበር፤ የዘጠኝ ቀን ጥም ግን እዚያው ይገድላት ነበር። ቁጥሩን መለወጥ ታሪኩን ካልለወጠው ዋጋው በትክክል አልተሰላም።

ዘጠነኛ፦ ለኅትመት ያዘጋጁ

የእጅ ሥራውን ስካን አድርገው እንደ ኢንክስኬፕ ባለ ነፃ ፕሮግራም መስመሩን ያጽዱት። ማኅተሞቹን እንደ ፊደል ለመተየብ ከፈለጉ በፎንትፎርጅ የራስዎን ፎንት መሥራት ይችላሉ። የኢትዮጵያ ፊደል ከ1999 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዩኒኮድ ውስጥ የራሱ ቦታ አለው፤ የእርስዎን ፈጠራ ግን በእሱ ላይ አይደርቡ። ዩኒኮድ ለግል አጠቃቀም የተወው ክልል ስላለ ማኅተሞቹን እዚያ ያስቀምጡ፤ አለበለዚያ ፎንቱ በሌለው ስልክ ላይ ማኅተሙ ሌላ ፊደል ሆኖ ይነበባል። መጽሐፉ በስልክ የሚነበብ ከሆነ ማኅተሙን በሥዕልነት ማስገባት ይሻላል።

አሥረኛ፦ በሰው ይፈትኑት

ረቂቁን ያላነበበ ሰው ይጥሩ። ሦስት ማኅተም ብቻ ያሳዩት፤ የማቆም ሣልስ ከነ፪፣ የማዝገም ሣልስ ከነ፭፣ የማቆም ራብዕ ከነ፩። የሦስቱን ትርጉምና የዋጋውን ሕጎች ይንገሩት። ከዚያ አይቶት የማያውቀውን የማዝገም ራብዕ ከነ፫ በወረቀት ላይ ጽፈው ዝም ብለው ይስጡት። «ሦስት ዕለት አዝግም» ካለ አጽሙና እርከኑ ሠርተዋል። ቀጥለው ዋጋውን ይጠይቁት፤ ሦስት ወር፣ አንድ ዕለት ለዘመን፣ የዘጠና ሰው ደቦ ብሎ ከመለሰ የመጀመሪያውን ምዕራፍ መጻፍ ይጀምሩ። ከተሳሳተ የተሳሳተበትን ቦታ ምልክት አድርገው ወደዚያ ደረጃ ይመለሱ፤ ሰውየውን አያርሙት፤ ምልክቱን ያርሙት።